የአህያ ጥየቃ

ተረት ተረት፣ ጆሯችሁ ይሁን በረት።

በአንድ ዱር የጆሮ በሽታ ገባ። አህያ ሲያናፋ በቅርብ የሰማ ሁሉ ጆሮው አብጦ፣ ጉልበቱ ተብረክርኮ ይተኛል። አህያ ደግሞ ደግ ነውና የታመመ ሳይጠይቅ አያድርም፤ ደጃፍ ቆሞ «እግዜር ይማርህ!» እያለ ሲያናፋ ይባስ ያደክማቸዋል። በይሉኝታ ደፍሮ የሚነግረው ጠፋ።

አንድ ቀን ጅብ በሽተኞቹን ሊበላ መጥቶ ቁጥቋጦ ውስጥ አደባ። ጥንቸል አየችውና ወደ አህያ ሮጠች።

«ጋሼ አህያ፣ ጅብ ታሞ ተኝቷል!»

«ጅብም ቢሆን ከታመመ ይጠየቃል» አለና ሄዶ ጆሮው ሥር አናፋበት። ጅብ እየተንገዳገደ ወንዝ ተሻግሮ ጠፋ፤ ዱሩ በእልልታ ቀለጠ።

«አየሽ ልጄ፣ ገና ስጠይቀው ተነሥቶ ሮጠ!» አለ አህያ በደስታ። «አንቺስ ጆሮሽ ምነው ረዘመ? አሞሻል እንዴ?» ብሎ አፉን ሲከፍት፣ ጥንቸል እግሬ አውጪኝ አለች፤ ዛሬም አልቆመችም።

ተረቴን መልሱ፣ ጆሯችሁን ዳብሱ።