ጣርማበር ላይ የቆመችው መኪና

ደብረ ሲና ውስጥ ሰው የማይሆነውን ነገር ፈገግ ብሎ ሲቀበል ያየ ጎረቤት አንዲት አባባል ጣል ያደርግበታል። ልጃገረድ ላልፈለገችው ባል እሺ ስትል ትባላለች፤ ሽማግሌ ሐቁን እያወቀ ለወዳጁ ሲያለሳልስም ትባላለች። ወጣቶቹ ሲሏት ይሳሳቃሉ። መነሻዋን የሚያውቁት ግን አይስቁም፤ መጀመሪያ የተነገረችው ለቅሶ ቤት ነውና።

ማስረሻ የሚባል ሰው ነበር። አዲስ አበባ ውስጥ በገዛ መኪናው ሰው እያመላለሰ የሚኖር፣ ረጋ ያለ፣ ከአፉ «እሺ» የማይጠፋ ሰው። ሚስቱ ውድነሽ የደብረ ሲና ልጅ ናት። መኪናዋን የሸጠለት ሰው ቁልፉን ሲያስረክበው አንድ ነገር አጥብቆ ነግሮት ነበር።

«አውቶማቲክ ናት ብለህ እንደ ሌላው አውቶማቲክ እንዳታያት። ካምቢዮዋ ውስጥ ማርሽ የሚባል የለም። ሁለት መዘውር አለ፣ በመካከላቸው የብረት ቀበቶ ይሮጣል። ቀበቶው መዘውሩን ጨብጦ የሚይዘው በራሱ ዘይት ነው። ሌላ ዘይት ከገባባት ይንሸራተታል። ሜዳ ላይ ላይታወቅህ ይችላል፣ ዳገት ላይ ግን ታየዋለህ።»

ማስረሻ እሺ አለ፤ ያን እሺ የምሩን ነበር። ዘይቱ የሚቀየርበት ጊዜ ሲቃረብ ሱቅ ለሱቅ ዞሮ ትክክለኛውን ዓይነት ገዛና መኪናዋ ኋላ፣ የዕቃ መጫኛው ውስጥ አስቀመጠው። ከበዓል መልስ ሊያስቀይር አስቦ፣ ፋሲካን ከሚስቱ አባት ጋር ለመዋል ወደ ደብረ ሲና ወረዱ።

አማቱ ጋሽ ወልደየስ በዘመናቸው ስም ያላቸው የከባድ መኪና ሾፌር ነበሩ። ተሳቢ እየጎተቱ አሰብ ወርደው ይወጣሉ፤ በረሃ ላይ የተበሳ የነዳጅ ጋን በሳሙና ደፍነው አገር ያስገባሉ። ጉልበታቸው እምቢ ካለ ወዲህ ግን ቤት ዋሉ። ሚስታቸው ሞቱ። አንድያ ወንድ ልጃቸው ሰይፉ ደብረ ብርሃን ፋብሪካ ተቀጥሮ ሄደ፤ ለዚያ ፋሲካም ተረኛ ሆኖ አልመጣም። መኪናውም ዘመኑም ተለወጠና የሚያማክራቸው ጠፋ። ቀኑን ሙሉ በር ላይ ተቀምጠው የሚያልፈውን ጭነት መኪና በድምፁ ብቻ ሲለዩ ይውላሉ።

በፋሲካ ማግስት ምሳ ላይ ዝምታው ከበደውና ማስረሻ ወሬ ፍለጋ አፉን ከፈተ።

«መኪናዋ የካምቢዮ ዘይት መቀየሪያዋ ደርሷል» አለ።

ጋሽ ወልደየስ ቀና አሉ። «የካምቢዮ ዘይት?»

«አዎ አባባ። አዲስ አበባ ስንመለስ...»

«አዲስ አበባ ምን ልትሠራ? እኔ ሞቻለሁ እንዴ?»

ተነሥተው ጓዳ ገቡ። ሲመለሱ አንድ ጋሎን እንደ ሕፃን ታቅፈዋል። የሥራ ባልደረባቸው ማስታወሻ ብሎ የሰጣቸው፣ ክዳኑ ያልተነካ ቀይ የአውቶማቲክ ዘይት ነው። አቧራውን በጋቢያቸው ጫፍ ጠረጉት።

«ለሚገባው መኪና ብዬ ያኖርኩት ነው። ለልጄ ባል መኪና ካልሆነ ለማን ሊሆን ነው?» አሉ። ፊታቸው ፈክቶ የሌላ ሰው መስሎ ነበር።

ማስረሻ ውድነሽን በዓይኑ ጠቅሶ ጓሮ ወሰዳት።

«ይሄ ዘይት ለዚች መኪና አይሆንም። ሌላ ነው የምትፈልገው፤ ገዝቼ ኋላ አስቀምጬዋለሁ። ንገሪያቸው።»

«አንተ ንገረው።»

«እኔ አማች ነኝ። በምን አፌ እጃቸውን እመልሳለሁ?»

«እኔስ በምን አፌ? እናቴ ከሞተች ወዲህ አባቴ እንዲህ ሲፈካ አይቼው አላውቅም። እኔ አልነግረውም፣ ማስረሻ።» ጥቂት አሰበችና ድምጿን ዝቅ አደረገች። «አዲስ አበባ እስክንገባ አይችልም?»

«ይችል ይሆናል» አለ ማስረሻ።

ይህች «ይችል ይሆናል» ናት ቤት ያፈረሰችው። አማች በአማቱ ፊት ጉሮሮውን ለመጥረግ እንኳ ይሳቀቃል። ያጎረሱትን ይውጣል፣ የቀዱለትን ይጠጣል፣ በቃኝ ማለት ነውር ነው። አባቶች ደንቡን ሲያወጡ ግን ለጠላና ለወጥ ነበር ያወጡት። ካምቢዮን ማን ጨመረበት?

ማስረሻ ቀድሞ ወጥቶ፣ የገዛውን ዘይት ትርፍ ጎማው ሥር ወሸቀው፤ ሽማግሌው እንዳያዩትም ጨርቅ አለበሰው። ጋሽ ወልደየስ ማዳበሪያ አንጥፈው፣ ያን የታመመ ጉልበታቸውን እየጎተቱ መኪናዋ ሥር ገቡ። ጎረቤቱ አጥር ተደግፎ ያያል። የድሮው ዘይት ጠቁሮ ሲወርድ ሽማግሌው ከሥር ሆነው የአሰብን መንገድ ይተርካሉ፣ ተመልካቹ ይስቃል፣ እሳቸውም ይስቃሉ። ከዚያ ከሥር ወጥተው ቀዩን ዘይት ይቀዳሉ፤ ማስረሻ ማንቆርቆሪያውን ቀዳዳው ላይ ይዞ ሲወርድ ያያል። አንድ ቃል ይበቃ ነበር። እሱ ግን «እጅዎ ይባረክ አባባ» አለ።

ከተማዋን አንድ ዙር ዞሩባት። መኪናዋ ምንም አላለችም። ከወትሮው ለየት ያለ ቀጭን ፉጨት ብቻ ከሆዷ ይሰማል፤ እሱን የሰማው ማስረሻ ነው፣ ሬዲዮኑን ከፍ አደረገው።

በማግስቱ ማለዳ የውድነሽ ስልክ ጮኸ። የደወለው የሰይፉ የሥራ ጓደኛ ነው። ሰይፉ በበዓሉ ሌሊት ሆዱን አሞት ሆስፒታል ገብቷል፣ አንጀቱ ታጥፎ ተገኝቶ ቀዶ ጥገና አድርገውለታል፣ ነገሩ ግን ደኅና አይደለም። «አባቴን አምጡልኝ ይላል። ከሱ ሌላ ቃል የለውም። ቶሎ ድረሱ» አለ።

ጋሽ ወልደየስ ጫማቸውን ያሰሩት መንገድ ላይ ነው። አስፋልቱ ዳር ሲደርሱ ሚኒባስ ቆሞ፣ ረዳቱ «ደብረ ብርሃን! ሁለት ሰው የቀረው!» እያለ ይጣራል። ማስረሻ ሳያስበው ፍሬን ያዘ። ፉጨቱን ሌሊቱን ሙሉ በሐሳቡ ሲሰማው ነው ያደረው።

«አባባ፣ እርስዎና ውድነሽ በዚህ ቢሄዱስ? እኔ ከኋላ እደርሳለሁ።»

ሽማግሌው ዞረው አዩት። «ለምን?»

ለምን። ለዚህ መልስ መስጠት ማለት ሁሉንም መናገር ማለት ነው። በልጃቸው ጭንቀት ላይ፣ ዘይትዎ መርዝ ነው ብሎ መጨመር ሆነበት። ውድነሽን በመስታወት አያት፤ እሷም መስኮቱን ታያለች።

«ፈጣን ነው ብዬ ነው» አለ።

«በእጄ ዘይት የቀየርኩላት መኪና እያለች በሰው መኪና ልሄድ? ንዳ ልጄ፣ ንዳ።»

ሚኒባሱ ሁለት ሰው ሞላና ቀደማቸው።

ጣርማበርን የማያውቅ ሰው ዳገት አየሁ አይበል። መንገዱ ገደሉን እየታከከ ወደ ደመናው ይወጣል፤ ጉም ሲወርድ የፊት መብራት እንኳ ከአፍንጫ አያልፍም። ያን ቀን ጉሙ ወርዶ ነበር። ፉጨቱ ገና በመጀመሪያዎቹ መታጠፊያዎች ወደ ጩኸት ተለወጠ። ማስረሻ ነዳጅ ሲረግጥ ሞተሩ ያጓራል፣ መኪናዋ ግን እንደ ደከመ በቅሎ ወደ ኋላ ትጎተታለች።

«ማርሽ ቀንስ እንጂ!» አሉ ጋሽ ወልደየስ። «ሁለተኛ አስገባ!»

«አባባ፣ ይቺ መኪና ሁለተኛ የላትም።»

«ሁለተኛ የሌለው ካምቢዮ የት አገር ነው ያለው?»

«ጭራሽ ማርሽ የላትም። ቀበቶ ነው ያላት።»

ከሥር አንድ ነገር ሲፋጭ ተሰማ፤ የተቃጠለ ዘይት ሸተተ፤ መኪናዋ ቆመች። ማስረሻ የእጅ ፍሬን ስቦ ወርዶ ጎማው ሥር ድንጋይ አስገባ። ደጋግሞ አስነሣት፤ ሞተሩ ይነሣል፣ ጎማው አይዞርም።

የሚያልፍ ይለምኑ ጀመር። የጭነት መኪኖች በጉሙ ውስጥ እያቃሰቱ መጡ፣ እያቃሰቱ አለፉ። ውድነሽ ነጠላዋን ይዛ መሐል መንገድ ልትገባ ስትል አባቷ ክንዷን ያዟት።

«አይቆሙልሽም። ዳገት ላይ የቆመ ጭነት መልሶ አይነሣም» አሉ። ድምፃቸው ደክሞ ነበር። «ስንት ዓመት በዚህ ስመላለስ ስንቱ እጁን ዘርግቶ ለምኖኛል። እኔም ለማንም አልቆምኩም።»

ከዚያ የሚይዙት የሚጨብጡት ቢያጡ፣ የሚጎትት ከተገኘ ገመድ ይኖር እንደሆነ ልይ ብለው የዕቃ መጫኛውን ከፈቱ። ማስረሻ ሊያስቆማቸው ሮጠ፤ አልደረሰም። ትርፍ ጎማውን አንሥተው፣ ጨርቁን ገልጠው፣ ጋሎኑን በሁለት እጃቸው ይዘው ቆመዋል።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«ዘይት ነው።»

«የምን ዘይት?»

«የካምቢዮ።»

«የየትኛው መኪና?»

ማስረሻ መሬት መሬት አየ። «የዚችው» አለ።

ጋሽ ወልደየስ ጋሎኑን አገላብጠው አዩት። ክዳኑ እንደ ታሸገ ነው። ልብሳቸው ላይ ጉሙ ጤዛ አብጅቷል።

«ታውቅ ነበር» አሉ።

«አውቅ ነበር።»

«እና እኔ ስቀዳ ቆመህ ታያለህ?»

«እንዳይከፋዎት ብዬ ነው አባባ።»

«እንዳይከፋኝ!» አሉ ሽማግሌው። ወደ ዳገቱ አናት ተመለከቱ፤ ከጉም በቀር የሚታይ አልነበረም። «ታዲያ አሁን ደስ ብሎኛል?»

ጋሎኑን ቀስ ብለው ቦታው መለሱት። ቢወረውሩት፣ ቢሳደቡ፣ ቢመቱት ለማስረሻ በተሻለው ነበር። እሳቸው ግን መንገድ ዳር ድንጋይ ላይ ተቀምጠው በዘይት የጠቆረ ጥፍራቸውን ያዩ ጀመር። ውድነሽ አጠገባቸው ቁጢጥ ብላ ታለቅሳለች። ባልና ሚስቱ ሁለቱም ያውቁ እንደነበር ሽማግሌው የገባቸው ያኔ ነው፤ ልጃቸውን አልጠየቋትም።

ረፋዱ ካለፈ በኋላ ባዶውን የሚመለስ ፒካፕ ቆመላቸው። ቦታው ለሁለት ሰው ብቻ ነበር። አባትና ልጅ ተሳፈሩ፤ ማስረሻ ከመኪናዋ ጋር ቀረ። ጋሽ ወልደየስ በሩን ሲዘጉ ወደ እሱ አልዞሩም።

ብቻውን ሲሆን የታሸገውን ዘይት አውጥቶ ጉልበቱ ላይ አኖረው። እንዲያው ቢቀዳባት ትነሣ ይሆን ብሎ አሰበ፣ እንደማትነሣም ያውቃል፤ የተጎዳ ቀበቶ ዘይት አያድነውም። በሐሳቡ ግን ወደ ምሳው ገበታ ተመለሰ። «አባባ፣ ስጦታዎን ለሌላ ጊዜ ያኑሩልኝ፣ ይቺ መኪና ጠባየ ልዩ ናት» ይላል። ሽማግሌው ትንሽ ያኮርፋሉ። ማታ ይስቁበታል። ይኸው ነበር እኮ። ይህን ያህል ቀላል ነበር።

ስልኩ ጠራ። ውድነሽ ናት። «ሃሎ» አለ፤ ከሩቅ የሽማግሌ ዋይታ ብቻ ይሰማል። ማስረሻ ስልኩን ጆሮው ላይ እንደያዘ ጉሙ ውስጥ ተቀመጠ። ጭነት መኪኖቹ ያልፋሉ። ማንም አልቆመም፤ እሱም እጁን አልዘረጋም።

ሰይፉ ተቀበረ። በሠልስቱ ድንኳኑ ሞልቶ ነበር። ማስረሻ ከሁሉም በታች፣ በሩ አጠገብ ተቀምጧል፤ እህል አልቀመሰም። የሰይፉ የሥራ ጓደኛ፣ ያ ስልክ የደወለው፣ ስለ መጨረሻዋ ሰዓት እያወራ ነው። «በሩ በተከፈተ ቁጥር አባቴ ነው? ይላል። እኛም መንገድ ላይ ናቸው እንለዋለን። ኋላ ግን መጠየቁን ተወ» አለ። ሴቶቹ እንደ አዲስ አለቀሱ።

ለቅሶው በረድ ሲል፣ ከጋሽ ወልደየስ ጋር አሰብ የተመላለሱ አንድ አዛውንት ሾፌር ጠየቁ። «ወልደየስ፣ እንዲያው መኪናው ምን አግኝቶት ነው? አዲስ አይደለም ወይ?»

ሰው ሁሉ ወደ ጋሽ ወልደየስ ዞረ። ማስረሻ፣ ይናገሩ፣ ይግደሉኝ፣ ይለይልኝ ብሎ ጠበቀ። ውድነሽ ከሴቶቹ መሐል አንገቷን ደፋች።

ጋሽ ወልደየስ እጃቸውን ከጋቢያቸው አወጡ፤ ቢያጥቡት ቢያጥቡት ጥቁረቱ ከጥፍራቸው ሥር አልለቀቀም። መጀመሪያ ያን እጅ አዩት፣ ከዚያ ከጣርማበር ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብለው የልጃቸውን ባል አዩት፤ ቁጣም ምሕረትም በሌለው ድምፅ እንዲህ አሉ፦ «በይሉኝታ የተቀዳ ዘይት ዳገት ላይ ያስቀራል።»