የሌላ ሰው ጮራ

አንድ መንክር የሚባል ሊቅ ነበረ። የሚኖርበት አገር ሰዎች በወርቅም በብርም አይገበያዩም፤ ገንዘባቸው እውቀት ነበር። ከዚያ በፊት ማንም ያልተናገረውን ነገር ያወቀ ሰው በከተማው መካከል ወዳለው የመስታወት እቶን ይሄድና እሳቱ ፊት ቆሞ የደረሰበትን ለሕዝብ ይናገራል። ወዲያው ከእቶኑ የምታበራ ዶቃ ትወጣለች፤ ጮራ ይሏታል። እውቀቱ የሁሉም ይሆናል፤ ጮራዋ የተናጋሪው። የላም በሽታ ማዳኛ ያወቀ ደብዘዝ ያለች ጮራ ያገኝና በሬ ይገዛባታል፤ ከዚያ የሚልቅ ያወቀ ደግሞ ቤት የምታሠራ ደማቅ ጮራ ይዞ ይገባል። የተነገረን ነገር እንደ አዲስ የሚናገር ሰው ግን ዶቃው እንደ ከሰል ጠቁሮ ይወጣበታል፤ እሱም ሌባ ይባላል። እቶኑ አይዋሽም ይሉ ነበር፤ እውነትም አይዋሽም። ነገር ግን የሚለየው ማን ቀድሞ እንደተናገረ እንጂ ማን ቀድሞ እንዳወቀ አይደለም።

ሌላም ደንብ ነበራቸው። ተማሪ የደረሰበትን ነገር አስቀድሞ ለመምህሩ ያሰማል። መምህሩ “በስሏል” ካላለው ወደ እቶኑ አይሄድም።

መንክር ስንሻው የሚባል ተማሪ ነበረው፤ ዝምተኛ፣ ልብሱ ጭቃ የማይለየው፣ ውሎው ሁሉ ማሳ ለማሳ የሆነ ሰው። ከተማዋ በጨው ሐይቅ ዳር የተቆረቆረች ስለሆነች ጨው ወደ እርሻው እየዘለቀ ሕዝቡን ያስመርር ነበር። ስንሻው ቦዩ በየት በኩል እንደሚቀደድ፣ የትኛው ሸምበቆ ከየትኛው አጠገብ ቢተከል ጨውን እንደሚያስቀር ደረሰበት። ለመምህሩ ሲያሰማ መንክር ቀናበት። ዕድሜ ልኩን አስተምሮ አንዲት ደማቅ ጮራ አልወጣችለትም ነበር።

“ጥሩ ነው፤ ግን ገና ጥሬ ነው” አለው። “ከርመህ አብስለው።”

“እሺ የኔታ።”

ስንሻው ከሐይቁ ማዶ ሸምበቆውን ሲመረምር ሲከርም፣ መንክር ወደ እቶኑ ሄደ። ከወጣችው ጮራ ድምቀት የተነሣ ሰዎች ዓይናቸውን በእጃቸው ጋረዱ። ንጉሡ ካባ አለበሰው።

ስንሻው ወሬው ሳይደርሰው ተመልሶ በቀጥታ ወደ መምህሩ ቤት መጣ። መንክር እንቢ ቢለው ምክንያቱን መናገር ግድ ሊሆንበት ነው። ስለዚህ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ “በስሏል፣ ሂድ” አለው።

ስንሻው እቶኑ ፊት ቆሞ ተናገረ፤ ዶቃው ጠቁሮ ወጣ።

“አንተዬ፣ የምትሰርቀው ሌላ ሰው አጣህ?” አለ አንዱ።

“የመምህሩን! የገዛ መምህሩን!” አለ ሌላው፤ ሕዝቡም ሳቀ።

ስንሻው ቀና ብሎ መምህሩን አየው። መንክር ከፊት ቆሞ ነበር። አንድ ቃል ትበቃ ነበር። እሱ ግን የካባውን ጥለት ማስተካከል ጀመረ። ስንሻው በዚያው ዕለት አገሩን ጥሎ ሄደ።

ዓመታት አለፉ። መንክርም ሸበተ፤ ስሙ በየሸንጎው ይጠራ ነበር። ታዲያ አንድ በጋ ጨው በሌላ መንገድ መጣ፤ በላይ ሳይሆን ከሥር። ማሳው ነጭ ሆነ፤ ጉድጓዱም መረረ። ንጉሡ ሊቁን አስጠራው።

“በላይ የመጣውን የመለስክልን አንተ ነህ። ከሥር የመጣውንም መልስልን። ካልሆነ ከተማዋን ለቀን መሰደዳችን ነው።”

መንክር አሰበ፣ አወጣ፣ አወረደ። የተናገረውን ቃል በቃሉ ያውቀዋል፤ ቃሉ ከየት እንደመነጨ ግን አያውቅም። ካባውን አውልቆ ስንሻውን ፍለጋ ሄደ። በአንድ ተራራማ መንደር ገመድ ሲገምድ አገኘው።

“የኔታ! ምን እግር ጣለዎት?”

መንክር የመጣበትን ነገረው።

“እኔ እኮ ጥሬውን እንጂ የበሰለውን አላውቅም። ሰው ተሳስተዋል” አለ ስንሻው፣ እጁን ከሥራው ሳያነሳ።

“ስደበኝ፣ ይገባኛል። ብቻ ንገረኝ። ከተማዋ ልትጠፋ ነው።”

ስንሻው ገመዱን አስቀመጠ። “ጨው አንድ ቀን ከሥር እንደሚመጣ ያኔም ጠርጥሬ ነበር። መላውን ጀምሬው ነበር። ከዚያ ሌባ ተባልኩ። የሌባን ቃል ማን ይሰማል? ተውኩት። ዛሬ ማሳ ሳይ እንኳ ፊቴን አዞራለሁ።”

“አሁን አስበው። እዚሁ ቁጭ ብዬ እጠብቅሃለሁ።”

“የለም እኮ ነው የምልዎት።”

“ቂም ይዘህብኝ ነው።”

“ቂሙማ አለ፣ አልደብቅዎትም። እውቀቱ ነው የሌለው።”

መንክር ፊቱን ትክ ብሎ አየው። ሐሰት ቢሆን ደስ ባለው፤ እግሩ ላይ ወድቆ፣ ለምኖ ያገኘው ነበር። ሐሰት አልነበረም።

ተመልሶ ንጉሡ ፊት ብቻውን ቆመ።

“ያቺ ጮራ የተማሪዬ ነበረች።”

“እንግዲያው እሱን አምጣልን።”

“ጠየቅሁት። ቀጣዩ እውቀት የለውም።”

“ማን ወሰደበት?”

“እኔ።”

“ታዲያ አንተ ዘንድ አለ ማለት ነው!”

“እኔም ዘንድ የለም፣ ንጉሥ ሆይ።”

 ንጉሡም የሊቃውንቱ ቤት በሕዝብ ፊት እንዳይዋረድ ብሎ ነገሩን ዋጠው። ስንሻው ላይ የተለጠፈውን ስም የሚያነሳለት አልተገኘም።

ሕዝቡ ጓዙን ጭኖ ከከተማዋ ሲወጣ መንክርም አብሮ ይጓዝ ነበር። ልጇን ያዘለች አንዲት ሴት አየችውና ቆመች።

“የኔታ፣ ዕቃዎን ልያዝልዎት?”

“ተዪኝ ልጄ። እኔ እኮ…”

“ምን ማለትዎ ነው! እርስዎ ባይኖሩ ይህን ያህል ዘመንስ መች እንቆይ ነበር?” አለችና ዝቅ ብላ ጉልበቱን ሳመች።

መንክር ቀና ማለት አቃተው። ጥቅሉን ከእጁ ወስዳ ከፊቱ ሄደች፤ እሱም አንገቱን እንደደፋ ተከተላት።

የሰው እውቀት የሚሰርቅ ሰው የሚወስደው ባለቤቱ ዛሬ ያወቀውን ብቻ አይደለም። ነገ ሊያውቀው የነበረውንም ጭምር ነው፤ ያኛው ደግሞ ለሌባውም ለባለቤቱም ለአገሩም ሳይሆን ይቀራል። ይቅርታ ሊጠየቅበት ይቻል ይሆናል፤ መመለስ ግን አይቻልም። አውቆ ዝም ያለ ገዥም ከሌባው አይሻልም።

እስቲ እናንተም ራሳችሁን ጠይቁ፦ በስማችሁ ከሚጠራው ሥራ መካከል፣ ባለቤቱ ገና ተስፋ ሳይቆርጥ ልትመልሱለት የሚገባ የለም?