ከደረጃው ሥር የቀረው ምስክር

አንዲት እናት ነበሩ። በአንዲት ትንሽ ከተማ አዋላጅ ነርስ ሆነው ኖረው ጡረታ የወጡ። አንድ ቀን መታወቂያ ሊያሳድሱ ወደ ቀበሌ ጽሕፈት ቤት ሄዱ። ቢሮው ረጅም ደረጃ ተወጥቶ ነው የሚገባው። ከደረጃው ግርጌ ጎረቤታቸውን ደርበውን አገኙት። ደርበው የመኪና አደጋ ከደረሰበት ወዲህ በተሽከርካሪ ወንበር የሚሄድ ጎልማሳ ነው።

«ደርበው፣ ምን ትጠብቃለህ?»

«የሚሸከመኝ ሰው፣ እትዬ የሺመቤት።»

ወገኖቼ፣ የእኚህ እናት እግር ደኅና ነው። ጉዳያቸውን ጨርሰው ቤታቸው መግባት ይችሉ ነበር። ስንቶቻችን እንዲህ አድርገን አልፈናል? እሳቸውን ግን ያ ቃል እንቅልፍ ነሣቸው። «ለተሽከርካሪ ወንበር የሚሆን መወጣጫ ይሠራ» ብለው አመለከቱ። ሰሚ ሲያጡ ከሰሱ።

በችሎት የጽሕፈት ቤቱ ነገረ ፈጅ ተነሣ። «ክቡር ፍርድ ቤት፣ ከሳሿ ደረጃ መውጣት አላቃታቸውም። ምን ደርሶባቸው ነው የሚከሱት?»

ዳኛው አሰቡና፣ «ጉዳዩ የሕዝብ ነው፤ ስለ ሌላው ሊከሱ ይችላሉ» አሉ። «ግን እናቴ፣ ማስረጃዎ የት አለ? ማን ተጎዳ? እንዴት ተጎዳ?»

«ኧረ ክቡር ዳኛ፣ ይሄማ አገር ያወቀው ነው!»

«እንግዲያው አገር ያወቀውን፣ ያየው ሰው መጥቶ ይንገረኝ።»

እናታችን ምስክር ፍለጋ ከቤት ቤት ዞሩ። በየደጁ ሲያማርር የነበረው ሰው ሁሉ ወደኋላ አለ። አንዷ፣ «ነገ ለጉዳይ እዚያው ነው የምሄደው፤ ፊት ቢነሡኝስ?» አለች። ደርበው ራሱ እንኳ አንገቱን ደፋ። «በሰው ፊት፣ ተሸክመውኝ ነው የምገባው ልበል? ያሳፍረኛል።»

«ልጄ፣ ማፈር ያለብህ አንተ አይደለህም» አሉት።

እሱም፣ «እሺ፤ የሆነብኝን ብቻ እናገራለሁ» አለ።

የምስክር ቀን ደረሰ። ስሙ ተጠራ። መልስ የለም። ደግመው ጠሩት። ዝም። ነገረ ፈጁ፣ «ምስክሩ አልቀረበም፤ ይታለፍልን» አለ።

ያን ጊዜ እናታችን ብድግ አሉ። «ቀርቧል፣ ክቡር ዳኛ! ከጠዋት ጀምሮ ታች ነው ያለው። የእናንተም ችሎት ደረጃ አለው።»

  ዳኛው ካባቸውን ሰብሰብ አድርገው ተነሡና በደረጃው ወረዱ። ጸሐፊዋም ነገረ ፈጁም ተከትለው ወረዱ። ደርበው ዳኛው ወደ እሱ ሲመጡ ሲያይ ቀና አለ። ከማለ በኋላ እንዲህ አለ፦

«ሁለት ሰዎች ተሸክመውኝ ሲወጡ አንደኛው ደከመውና መሃል ደረጃው ላይ አስቀመጡኝ። ባለጉዳይ በአጠገቤ ወጣ፣ ወረደ። ልጄ አብራኝ ነበረች። እያየችኝ ነበር።»

ሊሰሙ ከቆሙት መካከል ያቺ ፊት እንዳይነሷት የፈራች ሴት፣ «እኔም አይቻለሁ! በአጠገቡ ከወጡት አንዷ ነኝ» አለች። ዳኛው አስምለው ቃሏን ተቀበሉ።

መወጣጫው እንዲሠራ ተፈረደ፤ ተሠራም። ፍርድ ቤቱም በራሱ ደጅ መወጣጫ አሠራ። የቀበሌው መወጣጫ የተከፈተ ቀን ደርበው ወጣ፣ ወረደ፣ ደግሞ ወጣ። ዘበኛው፣ «ምን ጉዳይ አለህ?» ቢለው፣ «ምንም!» ብሎ ሳቀ።

ወገኖቼ፣ እናንተስ? ስለ ጎረቤታችሁ መከራ «እናውቃለን» ትላላችሁ። ማወቃችሁ ማንን አቀና? ያያችሁትን በስማችሁ ተናግራችኋል? ወይስ በአጠገቡ ወጥታችሁ፣ በአጠገቡ ወርዳችኋል? ጌታ እኮ ከላይ ሆኖ አልጠራንም፤ ወዳለንበት ወረደ።

እዚህ ጉባኤ መካከል ድሮ የምናያቸው፣ ዛሬ የማናያቸው ሰዎች አሉ። «ቀርተዋል» ብለን አልፈናቸዋል። በዚህ ሳምንት እያንዳንዳችሁ የአንዱን ደጅ አንኳኩ። «ለምን ቀረህ?» አትበሉት። «ምን ከለከለህ?» በሉት። ከዚያ ተቀመጡና ስሙት።