የዳኛ የለሽ ችሎት

በወለላ ሐይቅ መሐል፣ ከየትኛውም ዳርቻ ቢነሡ ግማሽ ቀን ቀዝፈው የሚደርሱበት፣ ዙሪያውን ጥቁር ገደል ያጠረው አንድ ደሴት አለ። ስሙ ዳኛ የለሽ ነው። ዛሬ ከውሃ ወፍ በቀር የሚኖርበት የለም፤ ከላይ የጎጆ መሠረት የነበሩ የድንጋይ ክቦች ሣር ለብሰው ይታያሉ፣ ከታች ደግሞ ታንኳ የሚጠጋበት አንድ ጠፍጣፋ ድንጋይ አለ፤ ይህን ድንጋይ የሐይቁ ቀዛፊዎች ችሎት ይሉታል። ዳኛ የለሽ የተባለ አገር ችሎት የሚባል ደጅ እንዴት ሊኖረው ቻለ ብሎ ለሚጠይቅ፣ የዳር አገር ሽማግሌዎች ነገሩን ከማንጠግቦሽ ይጀምሩለታል።

በዚያ ዘመን ደሴቱ የውሃ ሽፍቶች አምባ ነበር ይባላል። ሰው ገድሎ የሸፈተ፣ ከጌታው ያመለጠ ባሪያ፣ ግብር አቅቶት ከርስቱ የተነቀለ ገበሬ፣ ሁሉም ታንኳ ሰርቆ እዚያ ይወጣ ነበር። ቀን ቀን ገደሉ አፍ ላይ ተቀምጠው ሐይቁን ይቃኛሉ፤ እህል ወይም ጨው የጫነ ታንኳ ባዩ ጊዜ ከየዋሻው ሥር እንደ ንብ ተነሥተው ይከቡትና ይዘርፉታል። የዳር አገሩ ገዥ ደጋግሞ ጦር ቢልክም ገደሉን የሚወጣ ስላልተገኘ፣ በመጨረሻ በየወደቡ ዘብ አቁሞ፣ ከደሴቱ ወደ የብስ የወጣ ሰው ማንም ይሁን ማን ሳይጠየቅ እንዲገደል አዘዘ። የሽፍቶቹ አለቃ ሻረው የሚባል ሰው ነበር፤ እሱ ግን አለቃ መባልን አይወድም ነበር አሉ። አዲስ ሰው በመጣ ቁጥር ሁልጊዜ የሚናገረው ያንኑ ነው፦

«እዚህ ንጉሥ የለም፣ ዳኛም የለም። ማን ነህ የሚልህ የለም፤ አንተም ማንንም ማን ነህ አትበል።»

ማንጠግቦሽ ወደ ደሴቱ የመጣችው ባሏ በሐሰት ምስክር ተፈርዶበት ከተሰቀለ በኋላ፣ ጡት ያልጣለ ልጇን አዝላ እንደነበር ይነገራል። ባሏን የሰቀለው ዳኛ፣ ፍርዱን ከመስጠቱ በፊት ከከሳሹ ቤት ምሳ በልቶ ሲወጣ በዓይኗ አይታዋለች። ስለዚህ ዳኛ የለም የሚለውን የሻረውን ቃል በሰማች ጊዜ ተንበርክካ የደሴቱን አፈር ሳመች። እዚያም ኖረች። ለሽፍቶቹ ትፈጫለች፣ ቁስላቸውን ታጥባለች፣ ደንገል እያሰረች የተጎዳ ታንኳ ትጠግናለች። ልጇን አለልኝ አለችው። ኋላ ሁለት ወንድማማቾች፣ ቸኮልና ዋሴ፣ እናታቸው እዚያው ደሴቱ ላይ በንዳድ ስትሞትባቸው፣ ማንጠግቦሽ ከአለልኝ ጋር አንድ ጋቢ እያለበሰች፣ ከአንድ ገበታ እያጎረሰች አሳደገቻቸው። ሲጎረምሱም ልጆቹ አልተለያዩም፤ አንድ ታንኳ ነበራቸው፣ ለዘረፋም ለዓሣም የሚወጡት አብረው ነበር።

እንደሚነገረው ነገሩ የመጣው በማይረባ ጠብ ነው። አንድ ቀን ከሐይቅ ሲመለሱ አለልኝ ታንኳቸውን ሳያስር ተወውና ነፋስ ወስዶ ከገደል አላተመው። ቸኮል ተናደደና «አንተን እኮ አባት አላሳደገህም» አለው። በደሴቱ ላይ ማንም ለማንም የማይለው ቃል ነበር፤ አለልኝ በእጁ በያዘው መቅዘፊያ ደረቱን ገፋው፣ ቸኮልም ወደ ኋላው ወድቆ ጭንቅላቱ ከጠፍጣፋው ድንጋይ ጠርዝ ላይ አረፈ። መጀመሪያ ሳቀ ይባላል። ከዚያ ተነሥቶ ተቀመጠ፣ ከዚያ ትንሽ ጋደም ልበል አለ፣ ከዚያም አልተነሣም።

ማንጠግቦሽ ሬሳውን ራሷ አጠበች። ስታጥብ እንደ እናት አለቀሰችለት፤ ቀና ስትል ደግሞ ገዳዩ ልጇ ከጎጆዋ ጥግ ኩርምት ብሎ ተቀምጦ ታየዋለች። ውጭ ዋሴ ጦሩን ይዞ ቆሟል። ከዋሴ ጋር የቆሙ አሉ፣ ከአለልኝ ጋር የቆሙም አሉ፤ ትናንት አብረው ሲበሉ የነበሩ ሰዎች ዛሬ ጎራ ለይተው ጦር ይስላሉ። ማንጠግቦሽ ወደ ሻረው ሄዳ እግሩ ላይ ወደቀች።

«አንድ ነገር በል እንጂ! ሊተላለቁ ነው።»

«ምን ልበል?» አላት ሻረው፣ ፊቱን ወደ ሐይቁ አዙሮ። «እዚህ ዳኛ የለም ብዬ አይደል የተቀበልኩሽ? ያን ቀን ደስ ብሎሽ ነበር።»

ከእግሩ ተነሥታ ተመለሰች። ጎጆዋ ገብታም ከልጇ ፊት ቁጭ አለች።

«ልጄ፣ ዳኛ ልጠራ ነው።»

አለልኝ ቀና ብሎ አያት። «አሳልፈሽ ልትሰጪኝ?»

«ለማን ነው የምሰጥህ? ዋሴም ልጄ ነው፣ ያ የተኛውም ልጄ ነው። አባትህን የገደለብኝ ዳኛ ነው፤ ዳኛ ምን እንደሆነ አታስተምረኝ። ግን ዳኛ ከሌለ ዛሬ ዋሴ አንተን ይገድልሃል፣ ነገ ያንተ ወዳጆች ዋሴን ይገድሉታል፣ እኔም ሁላችሁንም ቀብሬ ብቻዬን እቀራለሁ።»

ልጁም «የሚፈርደውን አንቺ ከተቀበልሽ እቀበላለሁ» አላት።

«እንግዲያው እናቴ ናት አትበል። ለእኔ ብሎ ያደላ እንደሆነ ዋሴ አያምነውም።»

በየብስ አገር እንደ ዛሬው ሁሉ ያን ጊዜም፣ ሁለት ሰዎች ተጣልተው መንገደኛውን በሕግ አምላክ ብለው ካስቆሙት፣ መንገደኛው ጭኖም ይሁን ቸኩሎ ቆሞ ሊዳኛቸው ግዴታው ነበር። በውሃ ላይ ግን እንዲህ ያለ ነገር ተሰምቶ አይታወቅም፤ ከሽፍቶቹ አምባማ ጭራሽ። በማግስቱ ጧት ጓንጉል የሚባል የጨው ነጋዴ ደሴቱን በሩቅ እየሸሸ ሲቀዝፍ፣ አንዲት ሴት ከጠፍጣፋው ድንጋይ ላይ ነጠላዋን እያውለበለበች ስትጮኽ ሰማ።

«መንገደኛ! በሕግ አምላክ! በሕግ አምላክ ቁም!»

ከገደሉ ላይ የነበሩት ሽፍቶች ሳቁ። ጓንጉል መቅዘፉን አቆመ። ጨውም ነፍስም የያዘ ሰው ነው፤ ለመሸሽ ጊዜ ነበረው። ትንሽ ቆየና የታንኳውን አፍ ወደ ደሴቱ አዞረ፤ ያን ጊዜ ሳቁ እንደተቋረጠ ነው የሚነገረው።

ድንጋዩ ላይ ሲወርድ ዙሪያውን ወደከበቡት ሰዎች ቀና ብሎ «ሕግን ጠርታችሁ ከዘረፋችሁኝ ነውሩ የእናንተ ነው» አለ። «ከሳሽ የታለ?»

እንደ አገሩ ወግ የዋሴን ነጠላ ጫፍ ከአለልኝ ነጠላ ጫፍ ጋር ቋጥሮ ከፊቱ አቆማቸው። ዋሴ «ወንድሜን ገደለብኝ፤ ካንድ ገበታ የበላ ወንድሙን ገደለ» ብሎ ከሰሰ። ጓንጉልም ወደ አለልኝ ዞሮ «ታምናለህ ትክዳለህ?» ቢለው «አምናለሁ» አለ፤ ከዚያ ወዲያ አንድም ቃል አልጨመረም። ማንጠግቦሽ ከሰዉ ኋላ ቆማ ነበር። የደሴቱ ሰው ማን የማን እንደሆነ መናገር ልማዱ ስላልሆነ፣ ዳኛውም ስላልጠየቀ፣ ያቺ የጠራችው ሴት ማን እንደሆነች የነገረው የለም።

ጓንጉል ጺሙን ይዞ ብዙ አሰበና እንዲህ ብሎ ፈረደ ይባላል፦

«ይህ አምባ ከየአገሩ የተባረረ ሁሉ የተጠጋበት ነው። እዚህ የተጠጋውን ወንድሙን የገደለ፣ እሱም መጠጊያ አይኑረው። ዛሬውኑ ወደ የብስ ይሻገር፤ የሚያሻግረው ከሳሹ ይሁን። እጁን በደም እንዳይነክር ግን በሕግ አምላክ ብዬዋለሁ።»

የየብሱ ዘብ ምን እንደሚያደርገው የማያውቅ አልነበረም። ማንጠግቦሽ ከሕዝቡ መሐል ወጣች፤ ሁሉም ትጮኻለች ብሎ ሲጠብቅ፣ እሷ ግን እስከ መሬት ጎንበስ ብላ «ፍርድህን ተቀብለናል» አለች። ጓንጉልም የሠፈሩ ታላቅ ሴት መስላው መርቋት ሄደ። ጨዉን የነካበት የለም።

አለልኝ ታንኳ ላይ ሲወጣ እናቱ ነጠላውን ከትከሻው አስተካከለችለት። ከቋጠሮው በኩል ብርድ እንዳይገባው ብላ ነው አሉ። አልተቃቀፉም፤ ቢተቃቀፉ ኖሮ መለያየት አይችሉም ነበርና።

ዋሴ የተመለሰው በማግስቱ ጎሕ ሲቀድ ነው። ማንጠግቦሽ ከድንጋዩ አልተነሣችም ነበር። ታንኳው ሲቀርብ በውስጡ አንድ ሰው ብቻ እንዳለ አየች፤ ያንን ታውቀው ነበር፣ ቢሆንም አንገቷን አስግጋ እስኪጠጋ ድረስ ሁለተኛውን ፈለገች። ዋሴ ወርዶ ከእግሯ ሥር ተቀመጠ።

«እትዬ፣ ወደ የብሱ ስንቃረብ ቋጠሮውን ፈታሁት። ምሬሃለሁ፣ እንመለስ አልኩት።»

«ምረኸዋል?» አለች ማንጠግቦሽ። «ታዲያ ለምን ብቻህን መጣህ?»

«እሱ እምቢ አለኝ። እናቴ ጎንበስ ብላ የተቀበለችውን ፍርድ አንተና እኔ ውሃ ላይ አንሽረውም አለኝ። እኔ ከተመለስኩ ነገ ሌላው ይገድላል፣ ያን ጊዜ የሚጠራ ዳኛ አይኖርም አለኝ። ለመንኩት፣ እትዬ። ታንኳውን አዞርኩበት። ዘሎ ውሃ ገባና ዋኝቶ ወጣ።»

«ዘቦቹስ?»

ዋሴ ጭንቅላቱን ጉልበቷ ላይ ጥሎ ተንሰቀሰቀ።

«ሲለይህ ምን አለህ?» አለችው ቆይታ።

«ከእንግዲህ አንተ አለህላት አለኝ።»

ማንጠግቦሽ እጇን ከዋሴ ጭንቅላት ላይ አሳረፈች። ልጇን የቀበረችው እሷ አይደለችም፤ ማን እንደቀበረው፣ መቀበሩም ራሱ፣ አይታወቅም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ግን በደሴቱ ላይ ጦር ያነሣ ሰው አልነበረም፤ ሻረውም ለአዲስ መጤ ያንን የቆየ ቃሉን ደግሞ አልተናገረም ይባላል። ከሚዘርፉት ሽፍቶች የተነሣ ይፈራ የነበረው ደሴት፣ ውሎ አድሮ ከየብስ እንኳ ፍርድ የተጓደለባቸው ሰዎች ቀዝፈው የሚመጡበት ሆነ።

ጓንጉል እውነቱን የሰማው ከብዙ ጊዜ በኋላ፣ ከገበያ ወሬ ነው። በሰማ ጊዜ ጨዉን ጥሎ ወደ ደሴቱ ቀዘፈ፤ ማንጠግቦሽንም ጎብጣ፣ ዋሴ ደግፏት አገኛት።

«እናቱ መሆንሽን ባውቅ ኖሮ…» ብሎ ጀመረና መጨረስ አቃተው።

«ብታውቅም ያንኑ ትፈርድ ነበር፤ ፍርድህ ትክክል ነው» አለችው። «ግን እኔን እያየህ ትፈርድ ነበር።»

ጓንጉል ከዚያ በኋላ ንግድ እንደተወ፣ እስኪሞትም ድረስ ለሚያገኘው ቀዛፊ ሁሉ ይህን ሲናገር እንደኖረ ሽማግሌዎቹ ይናገራሉ። ዛሬ በወለላ ሐይቅ ሁለት ሰዎች ተጣልተው አንዱ በሕግ አምላክ ካለ፣ በዚያ የሚያልፍ ቀዛፊ መቅዘፊያውን ጉልበቱ ላይ አጋድሞ ይቆማል። ከሳሽን ይሰማል፣ ተከሳሽን ይሰማል፤ ከመፍረዱ በፊት ግን «እናቱ የት ናት?» ብሎ ይጠይቃል። እናቲቱ አገሯ ሩቅ ቢሆን፣ ከሞተችም ብትቆይ፣ ከቆሙት አንዱ «እዚህ ናት» ብሎ ይመልሳል። ዳኛውም ያን ጊዜ ቀና ይልና፣ ባዶውን ቦታ እያየ ይፈርዳል።