ቀይ አፋፍ ሴት ልጇን «እማዋይሽ» የምትለው ስለ ምን ነው

ዱሮ ነው፤ አያቶቻችንም «ዱሮ» እያሉ ያወሩት የነበረ ዱሮ። ሰው ከአውሬ ይልቅ የጎረቤቱን ሳል ይፈራ በነበረበት ዘመን ነው።

ያኔ ቀይ አፋፍ የምትባል መንደር ነበረች። ከኋላዋ ተራራ፣ ከፊቷ ገደል። መግቢያዋ አንድ በር ብቻ። ከአፋፉ ድንጋይ ቢወረወር መሬት እስኪደርስ ድረስ አንድ «አባታችን ሆይ» ይደገማል ይሉ ነበር።

በዚያች መንደር አንዲት ፈጪ ነበረች። ከጭቃ ሹሙ ግቢ፣ ከበረቱ ጎን በተቀጠለች ጎጆ ትኖራለች። ፊቷን ፈንጣጣ በሳስቶታል። ዘመድ የላትም። በስሟ የሚጠራት ስለሌለ «ፈጪዋ» ይሏታል። ለሰው ትፈጫለች፤ ለድካሟ ከዱቄቱ እፍኝ ይሰጧታል።

ወፍጮ ይጮኻል፣ ልጆቼ። መጁ፣ ማለት የላይኛው ድንጋይ፣ በታችኛው ላይ ሲሄድ ከፈጪዋ ጎን የተቀመጠ ሰው የሚናገረውን ከእሷ በቀር የሚሰማ የለም። እህል ያመጡ ሴቶች ከጎኗ ቁጭ ይላሉ፤ የሆዳቸውን ያወሯታል። እሷ ትሰማለች፤ ትፈጫለች። የሰማችውን ለሌላ አውርታ አታውቅም።

ደፋር ነበረች እንዳትሉ። ፈሪ ነበረች። ሰው ድምፁን ከፍ ካደረገ መጁ ከእጇ ይወድቃል። ፍርሃት ሲነገር ይቀላል ይባላል፤ ግን የትም አይሄድም፤ ግማሹ ለሰሚው ይተርፋል። የቀይ አፋፍ ፍርሃት ግማሹ እሷ ዘንድ ነበር።

አንድ ዓመት ፈንጣጣ ገባ። ሽማግሌዎች ተሰብስበው መከሩ። በሽታው የታየበት ቤት በሩ ከውጭ በእሾህ ይዘጋል፤ ውስጡ ጸጥ እስኪል አይከፈትም አሉ። ከታችኛው ሰፈር ሁለት ቤት ተዘጋ። መጀመሪያ ጩኸት ነበር። ቀጥሎ ልቅሶ ሆነ። ከዚያ ዝም አለ። እናቶች የልጆቻቸውን ግንባር ሲዳስሱ ይውሉ ጀመር።

ወለላ የምትባል ባሏ የሞተባት ሴት ሰፌድ ይዛ ወደ ፈጪዋ መጣች። በሰፌዱ ላይ ያለው ዱቄት ነበር። የተፈጨ ዱቄት! ፈጪዋ አየችው። ተቀብላ ወፍጮው ላይ አፈሰሰችና መፍጨት ጀመረች።

«ልጄን አተኮሰው» አለች ወለላ። «ደረቱ ላይ ወጥቶበታል። ዛሬ ያላወቁ ነገ ያውቃሉ።»

ፈጪዋ ፈጨች።

«እኔስ ከእሱ ጋር ይዝጉብኝ፤ ግዴለኝም። ከእኔ በፊት እሱ ዝም ያለ እንደሆነ ነው የምፈራ።»

ፈጪዋ መጁን አቆመች። «እኔን በልጅነቴ ይዞኛል፤ ሁለተኛ አይዘኝም» አለች። «ልጁን አምጪልኝ።»

በማግስቱ ፈጪዋ ልጁን በደበሎ ጠቅልላ አዘለችው። በላዩ ባዶ አቁማዳ ደረበች። ወደ መንደሩ በር ሄደች። በሩን የሚጠብቁት ጎልማሶች ጦር ይዘዋል።

«ወዴት ነው?» አሏት።

«መጄ አልቋል። ድንጋይ ልፈልግ ነው።»

ይህን ጊዜ ልጁ ከጀርባዋ ላይ አቃሰተ። እሷም አብራው አቃሰተች። ወገቧን ይዛ፣ «ኧህ፣ ኧህ» እያለች በመካከላቸው አለፈች። ገደሉን እስክትወርድ ድረስ ማቃሰቷን አላቋረጠችም።

ከገደሉ ሥር ዋሻ አለ። ሃያ ስድስት ቀን እዚያ ተቀመጠች። ወለላ እንጨት ለቀማ እያለች ትወጣና ቂጣና ውሃ በገመድ ታወርዳለች። ገመዱ ሁለት ጊዜ ከተሳበ ልጁ አለ ማለት ነው። ሁለት ጊዜ ይሳባል፤ ወለላም ትመለሳለች። በአሥራ ሰባተኛው ቀን ገመዱ አልተሳበም። ወለላ አፋፉ ላይ በሆዷ ተኛች። እጇ ላይ ያለውን ገመድ እያየች ዋለች። ፀሐይ ልትጠልቅ ስትል ገመዱ አንድ ጊዜ ተሳበ። ጠበቀች። ጠበቀች። ደግሞ ተሳበ።

ልጁ አንድ ዓይኑ ጠፋ እንጂ ዳነ። ከወለላ ቤት ወዲያ በሽታው አልተሻገረም። ፈጪዋም ተመልሳ ወፍጮዋ ሥር ቁጭ አለች።

ይህ በሆነ በአራተኛው ዓመት ቢሻው የሚባል ጎልማሳ አንድ ቁና ገብስ በትከሻው ተሸክሞ ወደ ወፍጮው መጣ። ወንድ ወደ ወፍጮ አይጠጋም ነበርና ልጃገረዶች ሳቁበት። እሱ አልሳቀም። ከፈጪዋ ጎን ቁጭ አለ።

«ፍጪ» አላት።

ፈጨች።

«ነገ ጀንበሬን እገድለዋለሁ» አለ። ጀንበሬ ታላቅ ወንድሙ ነው። «ድንበሬን ገፍቶ አረሰው። ከሰው ፊት ሰደበኝ። ጠዋት ከብቱን ሲያወርድ ጠባቧ መንገድ ላይ እጠብቀዋለሁ።»

«ታዲያ ለእኔ ለምን ትነግረኛለህ?»

«ካልተናገርሁ ሆዴ ይፈነዳል። አንቺ ደግሞ አትናገሪም።»

«አልናገርም» አለች።

ሄደ። እሷ ገብሱን ፈጭታ ጨረሰች። ለጀንበሬ ብትነግር ጀንበሬ ቀድሞ ይገድላል። ዝም ብትል ቢሻው ይገድላል። ጎህ ሲቀድ ተነሥታ ሄደች፤ ከጠባቧ መንገድ መካከል ቁጭ አለች። በግራዋ ድንጋይ፣ በቀኟ ገደል ነው። ቢሻው ጦሩን ይዞ መጣ።

«ተነሺ!»

አልተነሣችም። «አዋይተኸኝ ሰምቻለሁ» አለችው። «አሁን እኔ ላዋይህ። እስከ ዛሬ እኔን የሰማ ሰው የለም።»

ቢሻው ቆመ። እሷም አወራችው። ቤተሰቧን ፈንጣጣ ሲፈጅ እሷ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። ታናሽ እህቷ ብቻ ቀረች፤ ታማ። ፈጪዋ ፈራች። ገና ያልዳነ ቁስሏን ይዛ ወጣች፤ በሩን በላይዋ ዘጋችው።

«ስሜን እየጠራች አለቀሰች» አለች። «ወንዙን እስክሻገር ሰማኋት። ወንዙን ከተሻገርሁም በኋላ ሰማኋት። ቢሻው፣ ወንድምህን ከገደልኸው በኋላ ዝም የሚል እንዳይመስልህ። ይጠራሃል።»

የከብቶቹ ኮቴ ተሰማ። ጀንበሬ ዱላውን በትከሻው አጋድሞ ወረደ።

«ቢሻው፣ እንዴት አደርህ?» አለ።

ቢሻው ጦሩን ዝቅ አድርጎ ፈጪዋን ወደ ድንጋዩ አስጠጋት። ጀንበሬም ከብቱን እየነዳ በጎናቸው አለፈ። ቢሻው በዚያው ቀን ከአገር ወጣ፤ ዘጠኝ ዓመት አልተመለሰም። የተጣሉበት ድንበር ጦም አደረ፤ እሾህ በቀለበት።

ከዚያ ወዲህ ወንዱም ሴቱም ወደ ወፍጮው ይመጣ ጀመር። ሰው ጎጆዋ ደጃፍ ቆሞ፣ «እማዋይሽ ነገር አለኝ» ይላል። የማዋይሽ፣ የምነግርሽ ማለት ነው፤ በቀይ አፋፍ አፍ «እማዋይሽ» ነው የሚሉት። እየዋለ እያደረ ቃሉ ስሟ ሆነ። ሕፃናት ሳይቀሩ እማዋይሽ አሏት።

ሦስተኛው ምሥጢር ከሁሉ የከፋ ነው።

የአገሩ ገዥ፣ ባላምባራስ ደምስ የሚባል የጦር አለቃውን ከወታደር ጋር ላከ። ወታደሮቹ በየቤቱ ተመሩ፤ ባለቤቱ እያበላ ያሳድራቸዋል። ከነሱ አንዱ ሦስተኛው ቀን ላይ ጠፋ። ሲፈለግ ከገደሉ ሥር ሞቶ ተገኘ። ባላምባራስ ደምስ አውጫጭኝ አዘዙ። አውጫጭኝ ማለት መንደርተኛው ሁሉ ከሜዳ ተከቦ፣ ወንጀለኛው ወጥቶ እስኪሰጥ ማንም የማይለቀቅበት ነው። መከሩ ተሰብስቦ ክምሩ ከአውድማው ላይ ቆሟል። ባላምባራስ ጭራሮ አስለቅመው ከክምሩ ሥር አስደረደሩ።

«ሦስት ቀን እሰጣችኋለሁ» አሉ። «በሦስተኛው ቀን ገዳዩ ካልወጣ ክምሩ ይነዳል። ከየቤቱም አንድ ወንድ ከዚህ አፋፍ ይወርዳል።»

ሕዝቡ አንድ በአንድ ከመስቀሉ ፊት እየቀረበ፣ «ባውቅ ባልናገር ዘሬ ይድረቅ» እያለ ማለ። ፈጪዋ ተራዋ ደረሰ። ቄሱ መስቀሉን ዘረጋላት። አልማለችም።

«አውቃለሁ» አለች። «አልናገርም።»

ታውቅ ነበር። ትጓደድ የምትባል የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ነግራታለች። ወታደሩ ከምንጩ ዳር ይዟት ነበር። ታገለችው፤ ገፋችው፤ አፋፉ ቅርብ ነበር። ልጅቱ ይህን ለእናቷ እንኳ አልነገረችም። ከወፍጮው ሥር ሆና ነው የተናገረችው፤ ጥርሷ እየተንገጫገጨ።

ባላምባራስ ደምስ የራሷን መጅ አስመጡ። በጠፍር አሥረው ከአንገቷ ላይ አንጠለጠሉትና ከአፋፉ ጫፍ አቆሟት። ተረከዟ መሬት ነው፤ ጣቶቿ አየር ላይ ናቸው። ኋላዋን አንድ ወታደር በገመድ ይዟል። ልትናገር ብትወድ ወደ ኋላ ትሳባለች። እሷ ግን ዓይኗን ጨፍና ቆመች። ሽንቷ ሲወርድ ሰው ሁሉ አየ።

አንድ ቀን አለፈ። በሁለተኛው ቀን ሕፃናት በውሃ ጥም ያለቅሱ ጀመር። አንድ ሽማግሌ ከሜዳው ላይ እንደተቀመጡ ሞቱ። ሕዝቡ ከወታደሩ ይልቅ እሷን ይሰድብ ጀመር። ወለላ ከሰው መካከል ተነሣች፤ አንድ ዓይና ልጇን እጁን ይዛ ተነሣች።

«እባክሽ ተናገሪ!» ብላ ጮኸች። «አንቺ ያዳንሽው ልጅ በአንቺ ዝምታ ይሙት?»

ፈጪዋ ዞራ ማየት አልቻለችም፤ ድንጋዩ አንገቷን ይዞታል። «ወለላ» አለች፣ «ያንቺንም አልተናገርሁም።»

ወለላ ተቀመጠች። ከዚያ በኋላ የተሳደበ የለም።

በሦስተኛው ቀን ጠዋት ጭራሮው ላይ ቅቤ አፈሰሱበት። ትጓደድ ከእናቷ ጎን ተነሣች። ሁለት እርምጃ ሄደች። ልትናገር ነበር፤ በስተርጅናዋ እንዲህ ብላለች፤ አፌን ከፍቼ ነበር፣ ምላሴ ደርቆ ድምፅ አልወጣ አለኝ ብላለች። ያን ጊዜ ባላምባራስ ደምስ ብድግ አሉ። ገመዱን ከወታደሩ እጅ ተቀበሉ፤ ሰውን ሁሉ ወደ ኋላ አስመለሱ። ብቻቸውን ወደ ፈጪዋ ሄዱ።

«ዛሬም አትናገሪም?» ሲሉ ተሰማ።

የመለሰችው አልተሰማም።

ባላምባራስ ከአጠገቧ ቆሙ። ቆይተው በመሬት ላይ ቁጭ አሉ። ገመዱን እንደያዙ ማውራት ጀመሩ። ከሩቅ ከንፈራቸው ብቻ ይታያል። ረጅም ጊዜ አወሩ። መካከሉ ላይ ኩታቸውን ፊታቸው ላይ ጣል አደረጉ፤ ትከሻቸው ይንቀጠቀጥ ነበር። ፈጪዋ ሰማች። አንገቷ በድንጋይ እንደታሠረ፣ እግሯ ገደል ላይ እንደተንጠለጠለ ሰማች።

ምን እንዳዋዩዋት የሚያውቅ የለም። የሞተው ወታደር ልጃቸው ነበር የሚል አለ። በስንት አገር ስንቱን ከአፋፍ እንዳወረዱ ተናዘዙላት የሚል አለ። እኔ አላውቅም፤ የሚያውቅም አላገኘሁም።

ባላምባራስ ተነሡ። ወደ ኋላ ሳቧት። ጠፍሩን በጃቸው ፈቱት።

«ሰውየው ገደል ገብቶ ሞቷል» አሉ ለሕዝቡ። «ዳኝነቱ አበቃ።» በቅሏቸውን አስጭነው ያን ዕለት ሄዱ።

ሕዝቡ ወደ ውሃ ሮጠ። ፈጪዋን ደግፋ ያነሣቻት ትጓደድ ናት።

አንገቷ ግን ከዚያ ወዲያ አልተቃናም። ክረምቱ ሲገባ ትኩሳት ያዛት። አሁን ደግሞ አዲስ ፍርሃት በመንደሩ ገባ። በትኩሳት የተያዘ ሰው ይቀባዥራል። የሁሉም ምሥጢር እሷ ዘንድ ነው። ሰው እጠይቃታለሁ እያለ መጥቶ ከጎጆዋ ደጃፍ ይቆማል፤ ማንም አይገባም፤ ሁሉም ጆሮውን ጥሎ ያዳምጣል። ባል ሚስቱን አያይም፤ ጎረቤት ጎረቤቱን አያይም። አራት ቀን እንዲህ ሆነ። በአራት ቀን ውስጥ ከአፏ አንድ ቃል ብቻ ወጣ። «ውሃ» አለች።

ትጓደድ ውሃ ይዛ ገባች። ሌሎቹ ከደጅ ቆመው ቀሩ። በአምስተኛው ቀን ፈጪዋ ሞተች።

ከቀበሯት በኋላ ነው የምሥጢሩ ባለቤቶች ራሳቸው መናገር የጀመሩት። መጀመሪያ ወለላ ተናገረች። ቢሻው ከስደት ሲመለስ በወንድሙ ፊት ተናገረ። ትጓደድ ግን ብዙ ዘመን ዝም አለች። አግብታ ሴት ልጅ ወለደች። የክርስትናው ዕለት አማቷ ሕፃኗን ታቅፈው፣ «ስሟን ማን እንበላት?» አሏት። ትጓደድ ሕፃኗን ተቀበለች። ጎንበስ ብላ በጆሮዋ አንሾካሾከች። ከምንጩ ዳር የሆነውን ለሁለተኛ ጊዜ የተናገረችው ያን ጊዜ ነው።

ቀና አለችና፣ «እማዋይሽ በሏት» አለች።

«የዚያች የፈጪዋን ስም?»

«እሱስ ስሟ አይደለም፤ እኛ ነን ያልናት። እውነተኛ ስሟን አላውቀውም። ስንት ነገር ነግሬያት፣ እማዬ፣ አንድ ቀን ስሟን ሳልጠይቃት ሞተች» ብላ አለቀሰች።

እነሆ ከዚያ ዘመን ጀምሮ በቀይ አፋፍ ሴት ልጅ ስትወለድ እናቲቱ ለማንም ያልነገረችውን አንድ ፍርሃት በሕፃኗ ጆሮ ታንሾካሹካለች። ቄሱ እንኳ ፊቱን አዙሮ ይጠብቃታል። በየቤቱም ቢያንስ አንዲት እማዋይሽ አለች። እንግዳ ሰው ወደ መንደሯ ገብቶ አንዲቱን በስሟ ቢጠራት «አቤት» አትልም። ሥራዋን ሳታቆም፣ «ንገረኝ» ነው የምትለው።