ቀበሮና ያልተቆጠረው ልጅ

ድሮ፣ አራዊት እንደ ሰው ተማክረው በሚያድሩበት ዘመን፣ ስሙን ማንም ባልነገረን አገር፣ ሽኮኮዎች የሚኖሩበት አንድ ገደል ነበር አሉ። የገደሉ አናት ላይ ሰፊ፣ ጠፍጣፋ አለት አለ። ሽኮኮ ፀሐይ ሳይሞቅ ሣር አይግጥምና ማለዳ ማለዳ ሁሉም ከየስንጥቁ ወጥቶ እዚያ ላይ ይሞቅ ነበር።

ሞቀው ሲያበቁ ጠባቂያቸው አያ ላቀው ጉብ ካለው ድንጋይ ላይ ይቆምና አባወራዎቹን በየተራ ይጠይቃል።

«ከስንጥቅ የቀረ አለ?»

«የለም!» ይላል አንዱ አባወራ።

«ከስንጥቅ የቀረ አለ?»

«የለም!» ይላል ሌላው።

እንዲህ ተቆጥረው ነው ለግጦሽ የሚወርዱት። ሲመለሱ አንድ እንኳ ቢጎድል ሳይፈልጉት አያድሩም። የተቆጠረ ይፈለጋል። ሕጋቸው ይኸው ነበር።

ፈንቴ የሚባለው ሽኮኮ ግን ሦስት ዓመት ሙሉ ሲዋሽ ኖረ።

ፈንቴና ሚስቱ እናኑ ስንሻው የሚባል ልጅ ነበራቸው። እኩዮቹ በአንድ ክረምት የማስጠንቀቂያውን ፉጨት ሁሉ ለይተው፣ አንዱ ፉጨት ለንስር፣ ሁለቱ ለነብር መሆኑን ሲያውቁ፣ ስንሻው አንዱንም አልያዘም። ሲያፏጩለት ይስቃል። ሩጥ ሲሉት ይቀመጣል። ልቡ ደግ ነው፤ አእምሮው ግን ቀስ ብሎ ነው የሚሄደው። ፈንቴ ይህን ያወቀ ዕለት፣ ልጁ ገና ለቆጠራ ሳይወጣ፣ ለማንም ትንፍሽ ሳይል ከስንጥቁ ጥግ ደበቀው።

ፈንቴ ብዙ የሚያወራ አልነበረም። ያደገው ታችኛው ቋጥኝ ላይ ነው፤ ነፋስ የሚመታው፣ ሣር የማይበቅልበት። ለምን እዚያ እንዳደገ ሲጠየቅ «እንዲሁ» ይላል።

ማለዳ ሲሆን አያ ላቀው ይጠይቃል፤ «ከስንጥቅ የቀረ አለ?»

«የለም!» ይላል ፈንቴ። እናኑ አንገቷን ትደፋለች።

እናኑ ፀሐይዋን እንኳ በቅጡ አትሞቅም። ቆጠራው እንዳለቀ ሮጣ ወደ ልጇ ነው። የምትግጠው ከደጃፏ ያለውን ነበር፤ እሱም አልቆ ሥሩን መቆፈር ጀመረች። «ምነው እንዲህ ከሳሽ?» ሲሏት «ጉልበቴን ያመኛል» ትላለች።

ከገደሉ ሥር ደግሞ አንድ ሽማግሌ ቀበሮ ነበር። ጆሮውን አቁሞ ቆጠራውን ያዳምጣል። አንድ ቀን ሽኮኮዎቹ «የለም! የለም!» ብለው ከወረዱ በኋላ ከፈንቴ ስንጥቅ የልጅ ሳቅ ሰማ።

«እህ!» አለ ቀበሮ። «የለም ያሉት አለ ማለት ነው። የለም የተባለ ቢጠፋ ደግሞ ማን ይፈልገዋል?»

በማግስቱ ፈንቴ ብቻውን ሲግጥ ከቀጋ ቁጥቋጦ ውስጥ የለሰለሰ ድምፅ ጠራው።

«ፈንቴ ሆይ! የልጅህ ነገር ሆዴን በላው።»

ፈንቴ ደነገጠ። «ማነህ? ስለ ልጄ ማን ነገረህ?»

«መድኃኒተኛ ነኝ፤ ሳይነግሩኝ አውቃለሁ። በሰባት ቀን ፉጨት የሚለይ ልጅ አድርጌ እመልስልሃለሁ። ነገ ሌሎቹ ገና ሳይወጡ እዚህ አምጥተህ አስቀምጠውና ዞረህ ሳታይ ሂድ። የታየ መድኃኒተኛ ኃይሉ ይለየዋል። ለማንም እንዳትናገር ደግሞ! የተወራ መድኃኒት ይረክሳል።»

የቀበሮ ሽታ ከፈንቴ አፍንጫ ደርሶ ነበር። ግን ሦስት ዓመት የተጨነቀ አባት ተስፋ ሲያገኝ አፍንጫውን አያምንም።

«እሺ አባቴ» አለ።

ሲነጋጋ፣ እናኑ እንደተኛች፣ ስንሻውን አዝሎ ወጣ። ለሚስቱ እንኳ አልነገራትም። መንገድ ላይ ግን እማማ ደብሬን አገኘ። እማማ ደብሬ ከገደሉ ሁሉ በዕድሜ የገፉ ነበሩ፤ አሮጊት ደግሞ እንቅልፍ የላትም።

«ፈንቴ! ምንድን ነው ያዘልከው?»

«ሣር ነው፣ እማማ።»

ስንሻው ከጀርባው ሆኖ ከት ብሎ ሳቀ።

«አይ ሣር!» አሉ እማማ ደብሬ። «ዘንድሮ የሚስቅ ሣር በቀለ? የበቀለበትን አሳየኝ እንጂ፣ እኔም ልጋጠው!»

ፈንቴ ሊያልፋቸው ሲል እማማ ደብሬ ከፊቱ ቆሙ።

«አንተ ልጅ፣ የኔና ያንተ ስንጥቅ ግድግዳ አንድ መሆኑን ረሳኸው? ሦስት ዓመት በዚህ ሳቅ ነው የምነቃው። ዛሬ ያወጣዋል፣ ነገ ያወጣዋል እያልኩ ጠበቅሁህ። ደጅህ ድረስ እመጣና ‹ምን አገባሽ ቢለኝስ› ብዬ እመለሳለሁ። ይሄ የኔ ጥፋት ነው።»

ያን ጊዜ ፈንቴ ለማንም ያልተናገረውን ተናገረ። አጭር ነበር።

«እኅት ነበረችኝ፣ እማማ። እንደዚህ ልጅ ያለች። አባቴ ‹እንዳትታይ› ብሎ ሁላችንንም ታችኛው ቋጥኝ ይዞን ወረደ። አንድ ቀን ከግጦሽ ስመለስ የለችም። ‹ሞታለች› አለኝ። መቃብሯን አላሳየኝም። እኔም አልጠየቅሁም።»

እማማ ደብሬ ስንሻውን አዩት። «ይህንንስ ወዴት እየወሰድከው ነው?»

«መድኃኒተኛ አግኝቻለሁ። አትየኝ፣ አታውራ ብሎኛል።»

«አትየኝ? አታውራ? ልጄ፣ ጤና የሚሰጥ ምን ያስደብቀዋል? በል ና ውጣ። መጀመሪያ ይቆጠር፤ ከተቆጠረ በኋላ የትም ይሂድ።»

ፈንቴ ቁልቁል ወደ ቀጋው አየ። ቢሆንም አሮጊቷን ተከትሎ ወጣ።

አለቱ ላይ ሁሉም ተሰብስቦ ነበር። እናኑ የልጇን መኝታ ባዶ አግኝታ እያለከለከች ደረሰች። ስንሻውን በዚያ ሁሉ ፊት በአባቱ ጀርባ ላይ ስታየው እጇን አፏ ላይ ጫነች።

«ከስንጥቅ የቀረ አለ?» አለ አያ ላቀው።

«የለም!»

«ከስንጥቅ የቀረ አለ?»

የፈንቴ ተራ ነበር። ስንሻውን ከጀርባው አወረደው። ከዚያ፤

«አለ» አለ። «ሦስት ዓመት የቀረ። ልጄ ነው፤ ስንሻው ይባላል። ፉጨት አይለይም።»

ከኋላ አንዱ «ተመስገን፣ ዛሬ ገና!» አለ። «የሳቁን ባለቤት ለማየት ስንት ዘመን ጠበቅን!» አለች አንዷ።

አያ ላቀው ግን ጢሙን አሸት አሸት አደረገ። «ክፋት አይደለም፤ ግን ልጠይቅ። ንስር ሲመጣ ይህ ልጅ እንደተቀመጠ ነው። እናቱ ልታነሣው ስትመለስ ሁለት መቅበራችን አይደለም?»

«ላቀው!» አሉ እማማ ደብሬ። «እኔ ፉጨቱን እሰማለሁ፤ ጉልበቴ ግን አይታዘዘኝም። ንስር ሲመጣ ማነው የሚያስገባኝ?»

«እኔ ነኛ።»

«ለምን ታስገባኛለህ?»

«ምን ማለትዎ ነው፣ እማማ? ከተቆጠሩት አንዷ ነዎታ!»

«እንግዲያው ልጁንም ቁጠረው፣ አንተ ጢማም!»

ሁሉም ሳቀ። አያ ላቀውም ሳቀ። ስንሻውን ቆጠረው። እዚያው ተራ ተመደበ፤ በየቀኑ አንድ ቤት ከስንሻው ጎን ይቀመጣል፤ ፉጨት ሲሰማ ጀርባውን መታ መታ አድርጎ ይዞት ይገባል።

«አሁን ደግሞ ያንን መድኃኒተኛ እንየው» አሉ እማማ ደብሬ።

ፈንቴ እሳቸው እንደመከሩት ወደ ቀጋው ወረደና «አባቴ!» ብሎ ተጣራ። «ልጁ ፈርቶ ከዚያ ባዶ ስንጥቅ ገባብኝ። ፊቴን አዙሬ ቆሜያለሁ፣ አላይዎትም። ገብተው ያውጡት።»

ቀበሮው ምራቁን ዋጠና ተወርውሮ ስንጥቁ ውስጥ ገባ። ስንጥቁ መግቢያው ሰፊ፣ ውስጡ ጠባብ ነው። ወደ ፊት እንዳይል አለት፣ ወደ ኋላ እንዳይል ቦርጩ ያዘው። ሽኮኮዎቹ ከላይ ባለ ቀዳዳ አጮለቁበት።

«ኧረ መድኃኒተኛው ጭራ አለው!» አሉና ተንከተከቱ።

«ልቀቁኝ፣ እውነቱን እነግራችኋለሁ!» ብሎ ጮኸ ቀበሮ።

«ስንት ልጅ ወሰድክ?» አሉ እማማ ደብሬ።

«ጥቂት ነው... ከየቋጥኙ... ከታችኛውም አንዲት ሴት ልጅ። አባቷ ራሱ ነው ያመጣልኝ። ከተቆጠሩት ግን አንድም አልነካሁ! የሚፈለግ ልጅ ማን ይደፍራል?»

ሳቁ ሁሉ ቀጥ አለ። ፈንቴ አለቱን ተደግፎ ቆመ። እናኑ መጥታ ከጎኑ ቆመች፤ ከዚያ ጎረቤቶቹ አንድ በአንድ መጥተው ቆሙ። ፀሐይ እስክትከር ማንም ከአጠገቡ አልሄደም።

ቀበሮውን የያዘው የገዛ ቦርጩ ነውና እስኪከሳ እዚያው ተተወ። ሰባት ቀን፣ ማለዳ አያ ላቀው «ከስንጥቅ የቀረ አለ?» ሲል ከሥር «እኔ አለሁ! እኔ አለሁ!» የሚል ሰለል ያለ ድምፅ ይሰማ ነበር። በስምንተኛው ቀን እንደ ጅማት ቀጥኖ ወጣና ወደዚያ አገር ዞሮ አላየም።

ተራውም ቀጠለ። መጀመሪያ ላይ አልተመቸም። አያ ላቀው በራሱ ተራ ቀን ንስር አየና አፏጭቶ ብቻውን ሮጠ። ስንጥቁ አፍ ላይ ሲደርስ ትዝ አለው። ተመልሶ ስንሻው ላይ ተደፋበት፤ ንስሩ ከጀርባው ጠጉር ነጭቶ ሄደ። ስንሻው ከሥሩ ሆኖ ይስቃል።

«የረሳሁት እኔ ነኝ» አለ አያ ላቀው በኋላ፣ ጀርባውን እያሻሸ። «እሱማ ካስቀመጥኩት ንቅንቅ አላለም።»

ሦስት ክረምት አለፈ። ስንሻው ፉጨት አልለየም። ጀርባውን ሲነኩት ግን ተነሥቶ መሄድ ለመደ። ለእሱ ይህ ትልቅ ነገር ነበር፤ ለቤቱም።

እናኑ አንድ ማለዳ፣ ልጇ ከጎረቤት ጋር ተቀምጦ ሳለ፣ አለቱ ላይ በጎኗ ጋደም አለች። ፀሐይዋ ደረቷን አሞቃት። እንቅልፍ ወሰዳት። ሽኮኮዎቹ ተያዩና እንዳትነቃ በእግር ጣታቸው እየተራመዱ ለግጦሽ ወረዱ። ለእሷም ለምለሙን ሣር በአፋቸው ይዘውላት ተመለሱ።

ፈንቴ ይህን አይቶ እማማ ደብሬ ደጅ ሄደ። ቆመ።

«እማማ... እግዜር...»

«ይበቃል፣ ገብቶኛል» አሉት። «ምስጋና ካማረህ ነገ እኔን የመደገፉ ተራ ያንተ ነው። ጉልበቴ ብሶበታል።»

ፈንቴም በማግስቱ ፀሐይ ሳትወጣ ደጃቸው ተገኘ።

ከዚያ ወዲህ በዚያ ገደል ልጅ የሚደብቅ ቤት አልተገኘም ይባላል። ሽማግሌዎቹም ልጅ በተወለደ ቁጥር ለአባትየው እንዲህ ይሉታል፤

«የደበቁት ልጅ ለቀበሮ፣ ያወጡት ልጅ ለአገር።»