የአባ ገስግስ ውርርድ

ተረት ይዤ መጣሁ። «የላም በረት» በሉኝና ጸጥ በሉ፤ መሃል ላይ የሚያቋርጠኝ ካለ እተወዋለሁ።

ድሮ፣ እሁድ እሁድ ጃን ሜዳ ላይ ፈረስ ሲሽቀዳደም፣ ሰዉም ሲወራረድ፣ ገስግስ የሚባል ዳማ ፈረስ ነበረ። ጌታው ግራዝማች ይርዳው ነበሩ። ታዲያ ይርዳው ብሎ የሚጠራቸው የለም፤ እንደ ጥንቱ ደንብ በፈረሳቸው ስም «አባ ገስግስ» ነው የሚባሉት።

አንድ ቅዳሜ ማታ አለንጋ ከግራዝማች እጅ ሳይለይ ጠጅ ቤት ገብቶ የሰማውን ይዞ ወደ ገስግስ ጋጣ መጣ።

«ገስግስ፣ ጉድህ ፈላ። ጌታችን ከባለጋሪው ከሽብሩ ጋር ተወራርደው አንተን አስያዙ። ነገ የሽብሩ ቡላ ፈረስ ከቀደመህ ጋሪ ጎታች ሆንክ ማለት ነው።»

ገስግስ ገብሱ አልወርድ አለው።

«እኔስ እሺ፣ ልጎትት። እሳቸው ማን ተብለው ሊጠሩ ነው?»

«አይዞህ፣ እኔ አለሁ» አለ አለንጋ።

«አይዞህ፣ እኔም አለሁ» አለ ኮርቻ።

«አንተስ፣ ልጓም?» አለው ገስግስ።

«እኔማ እጃቸው ወደ ሳበኝ ነኝ።»

ገስግስ ይብሱን ፈራ።

እሁድ ደረሰ። ውድድሩ ሦስት ዙር ነው፤ ጋላቢውም ግራዝማች ራሳቸው ናቸው። በመጀመሪያው ዙር ገስግስ መራ። በሁለተኛውም መራ፤ ግን የቡላው ኮቴ ከኋላው እየቀረበ መጣ። በሦስተኛው ዙር፣ ሊጨርሱ ጥቂት ሲቀራቸው፣ ግራዝማች ጭንቅ ያዛቸው። ጉግስ ሲጫወቱ ያረጁ ሰው ናቸው። በጉግስ ደግሞ ከኋላ የሚወረወረውን ዘንግ ዞሮ ያላየ ጀርባውን ይመታል። እና ዞሩ። ሲዞሩ እጃቸው ልጓሙን ሳበው።

«ኧረ ጌታዬ፣ ዛሬ ዘንግ የሚወረውር የለም» አለ ገስግስ። አፉ ተይዞ ማን ይስማው። ቡላው ሽው ብሎ አለፈ።

ኮርቻ «አለንጋ ነው የለገመው» አለ። አለንጋ «ልጓም ነው» አለ። ልጓም «እጅ ነው» አለ። እጅ ምን ይበል፤ ፈረሱን ለሽብሩ እያስረከበ ነበር።

ሰኞ ጠዋት ግራዝማች በእግራቸው ገበያ ሲወርዱ፣ ከኋላቸው «ገስግስ!» የሚል ድምፅ ሰሙ። «አባ»ዋ ቀርታለች። ቢሆንም የጠራቸው ሰው መስሏቸው ጋቢያቸውን አስተካክለው ዞሩ። ጅራፍ ጮኸ። ተጣሪው ጋሪ ነጂ ነበር፤ የተጠራውም ፈረሱ። ገስግስ ጌታውን ላለማየት አንገቱን ደፍቶ አለፈ።

የተረቴን ዳቦ ለገስግስ ስጡልኝ። እናንተ ይቺን ያዙ፦ ስሙን ያስያዘ፣ በጅራፍ ሲጠራ ይሰማል።